ትራንስክሪፕት ላይ የተሳሳተ የልደት ቀን በፍርድ ቤት እንዴት እንዳሳረምኩ

የተወለድኩት ታኅሣሥ 12 ቀን 1990 ነው፤ በፈረንጆቹ ዲሴምበር 21 ቀን 1997። ትምህርት ቤቱ ግን 8 ደምሮ ትራንስክሪፕቴ ላይ 1998 አለው። የፈረንጆቹ አዲስ ዓመት እስኪገባ ልዩነቱ 7 ነው። ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ የተወለዳችሁ ወረቀታችሁን ዛሬውኑ እዩ።

ፓስፖርቴ ላይ ትክክለኛው ስላለ ሁለቱ አልገጠሙም። ሬከርድ ክፍሉ ደግሞ «ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ አንነካውም» አለ።

እዚሁ ድሬ አቤቱታዬን ከቃለ መሐላ ጋር አስገባሁ። የልደት ምስክር ወረቀት፣ ፓስፖርትና የክትባት ካርዴን አያያዝኩ። እማዬ ሣጥን ውስጥ ጠቅልላ ያኖረችው ካርድ ጠርዙ ተበልቷል፤ የነርሷ ጽሑፍ ግን ይነበባል። ጎረቤታችን እትዬም ቀርበው «በታኅሣሥ ሚካኤል ዕለት ነው የተወለደው» ብለው መሰከሩልኝ። እግዜር ይስጣቸው።

ዋናው ነገር ይኼ ነው፦ በደፈናው «የልደት ቀኔ ይስተካከል» ብላችሁ አትጠይቁ። የትኛው ማስረጃ፣ በየትኛው ተቋም፣ ከምን ወደ ምን እንደሚታረም ለየብቻ አስጽፉ። ስሙ ያልተጠቀሰ ተቋም «እኛን አይመለከትም» ሊላችሁ ይችላል። የውሳኔውን ግልባጭ ማኅተም አስመትታችሁ ከአንድ በላይ አውጡ።

ትምህርት ቤቱ ትእዛዙን ፋይሌ ውስጥ አስገብቶ አዲስ ትራንስክሪፕት ሰጥቶኛል።