ለምናብ ዓለም አብሪ ጥንዚዛ እንዴት ይፈጠራል?

በምናባዊ ታሪክ ውስጥ የሚያበሩ ነፍሳት ብዙ ጊዜ ጌጥ ሆነው ይቀራሉ፤ ሌሊቱን ያሳምራሉ እንጂ ታሪኩን አያንቀሳቅሱም። ይህ የሚሆነው ጸሐፊው ብርሃኑ ለማን እንደሚበራ ሳይወስን ሲጽፍ ነው። እዚህ የሐረርን ጀጎል በመሰለ ግንብ ውስጥ የምትኖር «የግንብ ፋና» የተባለች ጥንዚዛ ደረጃ በደረጃ እንሠራለን።

1. አካሏን ከእውነተኞቹ ይውሰዱ። ሌሊት ብልጭ ድርግም የሚሉት በራሪ ነፍሳት የጥንዚዛ ወገን ናቸው። ስድስት እግርና ጠንካራ የክንፍ ሽፋን አላቸው፤ የሚያበሩትም በሆዳቸው ጫፍ ነው። ለእኛዋ 12 ሚሊ ሜትር ርዝመት ይበቃታል። ከሚያበራው ክፍል ጀርባ ነጭ አንጸባራቂ ሽፋን ይስጧት፤ ያለዚያ ብርሃኑ ወደ ውስጥ ገብቶ ይባክናል።

2. የብርሃኑን ምንጭ ይወስኑ። በተፈጥሮ ሉሲፈሪን የተባለው ንጥረ ነገር በሉሲፈሬዝ ኤንዛይም አማካይነት ከኦክስጅን ጋር ሲዋሃድ ብርሃን ይወጣል፤ የሕዋስ ጉልበት የሆነው ኤቲፒም ያስፈልጋል። ሙቀቱ ከቁጥር የሚገባ አይደለም። ስለዚህ ጭድ የምታቀጣጥል ወይም እጅ የምትለበልብ አያድርጓት። አየር በማያስገባ ብልቃጥ ከተዘጋባት ግን ብርሃኗ መድከም አለበት።

3. የምልክት ቋንቋ ይስጧት። ዋናው ሥራ ይህ ነውና አይቸኩሉ። በሰሜን አሜሪካ በሰፊው በሚታወቀው ዝርያ ወንዱ እየበረረ በየ6 ሰከንዱ ገደማ ብልጭ ይላል፤ ሴቷ ካረፈችበት ሳር ላይ ሆና ከ2 ሰከንድ ያህል በኋላ ትመልስለታለች። የመልሱ ጊዜ ከተዛባ ወንዱ አይወርድም። የሌላ ወገን ሴት ደግሞ ይህንኑ መልስ አስመስላ ትጠራውና ትበላዋለች። ለግንብ ፋና እንዲህ እንበል፦ ወንዱ ሁለት አጭር ብልጭታ ሰጥቶ 5 ሰከንድ ይጨልማል፤ ሴቷ ከግንቡ ስንጥቅ በአንድ ረጅም ብርሃን ትመልሳለች።

ብርድ ሲበረታ ብልጭታ ይዘገያል። ሐረር ወደ 1,880 ሜትር፣ ድሬዳዋ ወደ 1,200 ሜትር ከፍታ ላይ ስለሆኑ የድሬዳዋ ሌሊት ይሞቃል። ያቺው ጥንዚዛ በነጋዴ ጭነት ተደብቃ ቁልቁል ብትወርድ ምልክቷ ይፈጥናል። የከተማዎ ዘበኛም የሌሊቱን ብርድ በብልጭታዋ መለካት ይችላል።

4. ምግቧንና ወቅቷን ያስተካክሉ። የብዙዎቹ አብሪ ጥንዚዛዎች እጭ ቀንድ አውጣ ይበላል፤ ቀንድ አውጣም እርጥበት ይፈልጋል። እጩን ከግንቡ ሥር እርጥብ ድንጋይ መሀል ያኑሩት፣ ክንፍ ያወጡትን ከዝናብ በኋላ ብቻ ያሳዩ። ዓመቱን ሙሉ ካበሩ የሚናፍቃቸው ሰው አይኖርም።

5. ምትሃቷን አንድ ብቻ ያድርጉ፣ ዋጋም ያስከፍሏት። ሐረር ጅብ በሌሊት ከሰው እጅ የሚበላባት ከተማ ናት። ከዚህ ተነስተን የግንብ ፋና ጅብ በአጠገቧ ሲያልፍ ትቀላለች፣ ከዚያ 3 ሌሊት አታበራም እንበል። ቀይ ብርሃን ራሱ ከተፈጥሮ የራቀ አይደለም፤ በደቡብ አሜሪካ ጭንቅላታቸው ቀይ የሚያበራ የአብሪ ጥንዚዛ ዘመዶች አሉ። ታሪክ የሚወልዱት ሦስቱ የጨለማ ሌሊቶች ናቸው። በሸዋ በርና በቡዳ በር በኩል እየበራ በሰንጋ በር በኩል ከጨለመ፣ ሌባውም ዘበኛውም ጅቡ በየት እንዳለፈ ያውቃሉ።

የተለመደው ስሕተት ብርሃን ማብዛት ነው። አንዲት ጥንዚዛ ጎዳና አታበራም። የመንገድ መብራት ደግሞ ምልክቷን ስለሚውጠው፣ መብራት በሌለበት ጠባብ መተላለፊያ ያስቀምጧት።

ጨርሰው አንድ ገጽ ሲጽፉ ጥንዚዛዋን ከገጹ ይሰርዟት። ታሪኩ ምንም ካልጎደለበት ወደ 3ኛው ደረጃ ተመልሰው ምልክቷን የሚያነብ ሰው ይጨምሩ።