ራሽናላይዝ ስታደርጉ ታህቱ ላይ ሩት ለምን አልጠፋም?

ራሽናላይዝ ማድረግ ማለት የክፍልፋዩን ዋጋ ሳይለውጡ ሩትን (√) ከታህቱ፣ ማለትም ከታችኛው ቁጥር፣ ማስወገድ ነው። √3 በ√3 ሲባዛ 3 እንደሚሆን ታውቃላችሁ፤ ስለዚህ በቀጥታ ወደ ብልሽቶቹ።

መልሱ ከካልኩሌተር ጋር አይገጥምም። 6/√3 ብላችሁ 2 ካገኛችሁ ያባዛችሁት ታህቱን ብቻ ነው። ማባዛት የሚቻለው √3/√3 ራሱ 1 ስለሆነ ነው፤ ላዕሉ (የላይኛው ቁጥር) ከተዘለለ ዋጋው ይለወጣል። ትክክሉ 6√3/3 = 2√3፣ ወደ 3.46።

ቁጥሩ ያብጣል። 10/√72ን በ√72 ማባዛት ስህተት ባይሆንም በከንቱ መድከም ነው። አስቀድማችሁ √72ን 6√2 አድርጉት፤ 5/(3√2) ይሆናል፣ ከዚያ 5√2/6።

ተባዝቶም ሩቱ አለ። አብዛኛው ሰው የሚወድቀው እዚህ ነው። 5/(3+√2)ን በ√2 ብታባዙት ታህቱ 3√2+2 ይሆናል፤ ሩቱ ቦታ ቀየረ እንጂ አልወጣም። በ3+√2 ብታባዙትም 11+6√2 ይመጣል። (11 ብቻ የሚጽፍ አለ፤ እሱ ሩቱን ያጠፋው በመርሳት ነው።) የሚሠራው ኮንጁጌቱ (የመሃሉ ምልክት የተገለበጠው)፣ 3−√2 ነው፤ −3√2 እና +3√2 ይጣፋሉና 9−2=7 ይቀራል። መልሱ (15−5√2)/7።

በፎቶ ኮፒ የሚዞሩ አጫጭር ኖቶች «በኮንጁጌት አባዛ» ብለው ያልፋሉ፤ የቱ ምልክት እንደሚገለበጥ አይናገሩም። ሁለቱንም ገልብጦ −3−√2 የሚል ተማሪ −11−6√2 ታቅፎ ይቀራል። የሚገለበጠው የመሃሉ ብቻ ነው።

ላዕሉ ላይ ቅንፍ አድርጉ! 5·3−√2 ማለት 15−√2 ነው፣ 15−5√2 አይደለም።

ሩቱ ፊት ቁጥር ካለ ደግሞ ተጠንቀቁ። በ3/(2√5−4) ውስጥ የ2√5 ስኩዌር 20 ነው፣ 10 አይደለም፤ 2ቱም ስኩዌር ይሆናል። ታህቱ 20−16=4፣ ላዕሉ 6√5+12። ስታቃልሉ የላዕሉን ሁለቱንም አባላትና ታህቱን ለ2 አካፍሉ፦ (3√5+6)/2፣ ወደ 6.35። 12ን ብቻ ከ4 ጋር አጣፍቶ 6√5+3 የሚጽፍ 16.4 ላይ ይደርሳል።

ምልክቱ ተገለበጠ። 4/(√3−√7) ላይ ታህቱ 3−7=−4 ነው። መልሱ −√3−√7፤ ኔጌቲቩን አትዋጡት።

መልሱ ከልክ በላይ ተለቀ። 1/(√2+√3)ን 1/√2+1/√3 ብሎ መሰንጠቅ ፈጽሞ አይቻልም፤ ዋጋው 0.318 ሲሆን በዚያ መንገድ 1.284 ይወጣል።

አልፎ አልፎ የሚያጋጥሙ፦ 1/∛2 የሚባዛው በ∛4/∛4 ነው። ታህቱ 1+√2+√3 ከሆነ በ1+√2−√3 ስታባዙት 2√2 ይቀራል፤ ከዚያ አንዴ በ√2።