ቀለሙ የተለወጠ ጥፍር፦ መጀመሪያ ማንበብ፣ ከዚያ ማከም

ጥፍር ሲበልዝ ብዙ ሰው በቀጥታ መድኃኒት ቤት ገብቶ የፈንገስ ክኒን ይጠይቃል። መልኩ ከተበላሸ ጥፍር ውስጥ ግን ፈንገስ ያለበት ግማሽ ያህሉ ብቻ ነው። የቀረው ግጭት፣ ጠባብ ጫማ፣ እንሶስላ፣ የውሃ ሥራ፣ ለወራት ሳይለቅ የቆየ የጥፍር ቀለም፣ አንዳንዴም ደም ማነስ ወይም የሚወሰድ መድኃኒት ነው። ለዚህ ሁሉ የሦስት ወር ክኒን መዋጥ ገንዘብ ማባከን ነው፤ ጉበትንም ያለ ጥፋቱ ማስቸገር ነው።

ጥፍሩን እንዴት ያነቡታል?

የተቀባ ቀለም ካለ በአሴቶን ያስለቅቁ። እጅዎንና እግርዎን በሳሙና ታጥበው አድርቁና በቀን ብርሃን በረንዳ ላይ ይቀመጡ፤ የአምፖል ብርሃን ቢጫውን ይደብቃል። ሃያውንም ጥፍር ይዩ። የተለወጠው አንድ ወይም ሁለት ጥፍር ከሆነ ምክንያቱ አብዛኛውን ጊዜ እዚያው ጣት ላይ ነው፦ ግጭት፣ ፈንገስ፣ ጫማ። ሁሉም አንድ ላይ ከተለወጡ ግን ምክንያቱን ከሰውነት ውስጥ ወይም ከሚወስዱት መድኃኒት ይፈልጉ።

ቀጥሎ የቀለሙን ታችኛ ጠርዝ፣ ማለትም ወደ ጥፍሩ ሥር የዞረውን ይመልከቱ። ጠርዙ የጥፍሩን ሥር ቆዳ ተከትሎ እንደ ሳፋ አፍ ወደ ታች ከጎበጠ ቀለሙ ከውጭ የመጣ ነው። በጥፍሩ ሥር ያለችውን ነጭ ግማሽ ጨረቃ ተከትሎ እንደ ኮረብታ ወደ ላይ ከጎበጠ ደግሞ ጥፍሩ ሲሠራ አብሮ የገባ፣ ከውስጥ የመጣ ነው።

ሦስተኛው ፈተና ጊዜ ይፈልጋል። በቀጭን ሞረድ በቀለሙ ታችኛ ጠርዝ ላይ ትንሽ ጭረት ያድርጉ፤ ጣትዎን ከማስመሪያ ጎን አድርገው በስልክ ፎቶ ያንሱ። ከአንድ ወር በኋላ ፎቶውን ይድገሙ። የእጅ ጥፍር በወር 3 ሚሊ ሜትር ገደማ፣ የእግር ጥፍር ከ1 እስከ 1.5 ሚሊ ሜትር ያድጋል። ቀለሙ ከጭረቱ ጋር አብሮ ወደ ጫፍ ከተጓዘ እየወጣ ያለ እድፍ ወይም ደም ነው። ጭረቱን አልፎ ወደ ሥሩ ከወረደ ሕያው የሆነ ችግር አለ ማለት ነው።

እንሶስላ፣ እርድና የጥፍር ቀለም

ጎንደር ላይ ለጥር ሠርግ እንሶስላ የተሞቀ እጅ ቆዳው በሳምንት ሁለት ሳምንት ይለቃል፤ ጥፍሩ ግን ቀይ ቡናማ ሆኖ ይከርማል፤ ስለዚህ ግንቦት ወይም ሰኔ ላይ በጫፉ የቀረ ቀለም ቢያዩ አይደንግጡ። የእጅ ጥፍር ከሥር እስከ ጫፍ ለመታደስ ከ4 እስከ 6 ወር ይፈጅበታልና። እርድና ሲጋራም ያቢጫሉ። ጥቁርና ደማቅ ቀይ የጥፍር ቀለም ግልጽ መደብ ሳይቀባ ከተደረገ ደግሞ ሲነሳ ቢጫ ጥፍር ትቶ ይሄዳል።

እድፉን ለማቅለል 3 በመቶ ሃይድሮጅን ፐሮክሳይድ በጥጥ ነክረው ጥፍሩ ላይ ለ10 ደቂቃ ያሳርፉ፤ ከዚያ በውሃ አጥበው ቫዝሊን ይቀቡ። በሳምንት ሁለቴ ይበቃል። በሞረድ ለማንሳት አይሞክሩ፤ ጥፍር ውፍረቱ ግማሽ ሚሊ ሜትር ያህል ብቻ ስለሆነ ቶሎ ይሳሳል። ሎሚ ማሸትም አይመከርም፤ የሎሚ ጭማቂ የነካው ቆዳ ፀሐይ ካገኘው ይቃጠላል፣ ይጠቁራልም።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ይታረም። በጥፍር ላይ የሚታዩት ትንንሽ ነጭ ነጠብጣቦች የካልሲየም እጥረት ምልክት አይደሉም። ሥሩ ላይ በደረሰ ቀላል ግጭት የሚመጡ ናቸው፤ አድገው ይወጣሉ፤ ሌላ ሕክምና የላቸውም።

ደም የቋጠረ ጥፍር

ከደባርቅ ወደ ሰሜን ተራሮች ወጥቶ ቁልቁለቱን የተመለሰ ሰው የአውራ ጣት ጥፍሩ ወይን ጠጅ፣ ከዚያ ጥቁር ቢሆንበት የተለመደ ነው። ቁልቁል ሲወርዱ እግር ወደ ፊት እየተንሸራተተ ጣቱ በየእርምጃው የጫማውን ጫፍ ይመታል። መከላከያው ከመንገዱ በፊት ጥፍሩን ቀጥ አድርጎ ማሳጠር፣ ከረጅሙ ጣት ፊት የአንድ አውራ ጣት ስፋት ቦታ ያለው ጫማ ማድረግና ቁልቁለት ላይ ማሰሪያውን ቁርጭምጭሚት አካባቢ ማጥበቅ ነው።

ቀዝቃዛ ነገር በጨርቅ ጠቅልለው ለ15 ደቂቃ ይያዙበት፤ እግርዎን ከፍ አድርገው ይረፉ። ደሙ እንቅልፍ እስኪነሳ የሚያርገበግብ ከሆነ በ48 ሰዓት ውስጥ ጤና ጣቢያ ይሂዱ፤ ጥፍሩን በትንሹ በስተው ደሙን ሲያፈሱት ሕመሙ ወዲያው ይቀንሳል። ቤት ውስጥ በጋለ መርፌ አይብሱ፤ ቁስል ያመረቅዛል። ሕመም ከሌለው ይተዉት። መስከረም ላይ የተመታ የእግር አውራ ጣት ጥፍር እስከሚቀጥለው መስከረም ድረስም ሙሉ በሙሉ ላይጠራ ይችላል፤ የእግር አውራ ጣት ጥፍር ለመታደስ ከ12 እስከ 18 ወር ይወስዳልና።

ጥቁር መስመር

ከሥር እስከ ጫፍ የሚሄድ ቡናማ ወይም ጥቁር መስመር በእኛ ቆዳ ላይ ብዙ ጊዜ ጤነኛ ነው። በዕድሜ ይጨምራል፤ በበርካታ ጥፍሮች ላይ ይታያል፤ ጠርዙ ቀጥ ያለ፣ ቀለሙም ወጥ ነው። የሚያሳስበው ሌላ ዓይነት ነው። በአንድ ጣት ላይ ብቻ፣ በተለይ በእጅ ወይም በእግር አውራ ጣት ላይ የወጣ፤ ከ3 ሚሊ ሜትር የሰፋ ወይም እየሰፋ የሚሄድ፤ ከጫፉ ይልቅ ሥሩ ላይ የሚሰፋ፤ ቀለሙ የተዘበራረቀ፤ ጥፍሩን የሚሰነጥቅ ወይም የሚያደማ። ከሁሉም በላይ ጥቁረቱ ከጥፍሩ አልፎ በዙሪያው ወዳለው ቆዳ ከፈሰሰ ሳምንት አይጠብቁ። ሜላኖማ የሚባለው የቆዳ ካንሰር በጥቁር ሰው ላይ የሚመርጠው ቦታ መዳፍ፣ የእግር መረገጫና ጥፍር ሥር ነው። ቦብ ማርሌን የገደለው ይኸው ነበር። እ.ኤ.አ. በ1977 በእግር ጣቱ ጥፍር ሥር ተገኘበት፤ በ1981 በ36 ዓመቱ አረፈ። ኳስ ይጫወት ስለነበር ግጭት መስሎ ታይቶ ነበር።

ግጭቱን ያስታውሳሉ? ደም ከሆነ በወር ውስጥ ከጭረቱ ጋር ወደ ጫፍ ይሄዳል፤ ከሥሩም በኩል ንጹሕ ጥፍር ብቅ ይላል። ካልሆነ የቆዳ ሐኪም ናሙና ይውሰድ። እስከዚያው ማንም በምላጭ እንዳይነካካው፤ ቅጠልም አይለጠፍበት።

አረንጓዴና እብጠት ያለው፦ የውሃ እጅ

ጠላ የሚጠምቁ፣ እንጀራ የሚጋግሩና ልብስ የሚያጥቡ ሰዎች እጃቸው ቀኑን ሙሉ ከውሃ፣ ከዱቄት ሳሙናና ከበረኪና አይወጣም። የጥፍሩን ሥር የሚዘጋው ስስ ቆዳ ይጠፋል፤ ዙሪያው ያብጣል፤ የጥፍሩ ጎን ይበልዛል፣ ሸንተረር ያወጣል። ጥፍሩ ከሥጋው ተላቆ በክፍተቱ ውስጥ እርጥበት ከያዘ ደግሞ አረንጓዴ ይሆናል። ይህ ፈንገስ አይደለም፤ ባክቴሪያ ነው። በሰው ሠራሽ ጥፍር ሥርም በብዛት ይታያል።

ለአረንጓዴው የተላቀቀውን ክፍል እስከ ተያያዘበት ድረስ በጥንቃቄ ይቁረጡ፤ ሕክምናው በአብዛኛው ይኸው ነው። ከዚያ አንድ እጅ ነጭ አቼቶ ከአራት እጅ ውሃ ጋር ቀላቅለው ጣቱን ጠዋትና ማታ ከ5 እስከ 10 ደቂቃ ይንከሩ፤ ሲያወጡ ፍጹም ያድርቁ። እብጠቱ ሲበረታ ወይም መግል ሲይዝ ወደ ጤና ጣቢያ ይሂዱ። ለቆየ እብጠት ዋናው መድኃኒት ደረቅ እጅ ነው፦ የላስቲክ ጓንት፣ ከውስጡም የጥጥ ጓንት። ላስቲኩ ብቻውን እጅን ያልባል፤ ብዙዎች "ጓንትም አልረዳኝም" የሚሉት ለዚህ ነው። የጥፍር ሥር ቆዳን በውበት ቤት አያስገፉ፤ ያ ቆዳ ክዳን ነው፤ ተመልሶ እስኪያድግም ሦስት ወር ያህል ይፈልጋል።

ሁሉም ጥፍር ሲለወጥ

የገረጣና እንደ ማንኪያ የጎደጎደ ጥፍር የብረት ማነስ ደም ምርመራ ይፈልጋል፤ ከጀርባው የመንጠቆ ትል ሊኖር ስለሚችል የሰገራ ምርመራም አብሮ ይታዘዝ። አብዛኛው ነጭ ሆኖ ጫፉ ብቻ የቀላ ጥፍር ጉበትን፣ ግማሽ በግማሽ ነጭና ቡናማ የሆነ ኩላሊትን ያስመረምራል። ቢጫ፣ ወፍራምና ማደግ ያቆመ ከሆነና እግርም ካበጠ ወይም ሳል ከቆየ ሳንባ ይታይ። ድንገት የመጣ ሰማያዊነት ከትንፋሽ ማጠር ጋር ከሆነ ድንገተኛ ክፍል ነው፤ ሌላ ማሰብ አያስፈልግም።

ዚዶቩዲን ያለበት የኤችአይቪ መድኃኒት፣ ለረጅም ጊዜ የሚወሰድ ክሎሮኪን፣ የካንሰር መድኃኒትም ጥፍር ያጠቁራሉ። ጥቁረቱ ጉዳት የለውም። መድኃኒቱን በራስዎ አያቁሙ፤ ለሰጠዎት ሐኪም ይንገሩ።

ፈንገስ ሲሆን

ፈንገስ አብዛኛውን ጊዜ ከጫፍ ወይም ከጎን ይጀምርና ወደ ሥሩ ይገፋል። ጥፍሩ ቢጫ፣ ነጭ ወይም ቡናማ ይሆናል፤ ይወፍራል፤ ከጥፍሩ በታች እንደ በሶ የሚፈረፈር ነገር ይሞላል። በእግር ጣቶች መካከል የሚያሳክክና የሚላጥ ቆዳ ካለ ጥርጣሬው ይጠነክራል። ክረምቱን በቦቲ ወይም በላስቲክ ጫማ የሚያሳልፍ እግር የተመቸ እርሻው ነው።

ክኒን ከመጀመሩ በፊት ምርመራ ይጠይቁ። ባለሙያው ጥፍሩን በአልኮል አጽድቶ ይቆርጥና ከሥሩ የሚፈረፈረውን ይፍቃል። ጥሩው ናሙና የሚገኘው ከጫፉ ሳይሆን በሽተኛው ከጤነኛው ከሚገናኝበት አጠገብ ነው፤ ጫፉ ላይ ያለው ፈንገስ ሞቶ ሊሆን ይችላል። ናሙናው በፖታሲየም ሃይድሮክሳይድ ርሶ በማይክሮስኮፕ ይታያል። "የለም" የሚል ውጤት ሁልጊዜ እውነት አይደለም፤ መልኩ ፈንገስ የሚመስል ከሆነ አንድ ጊዜ ይደገም። የፈንገስ ቅባት ሲቀቡ ከቆዩ ሁለት ሳምንት አቁመው ይምጡ።

ክሎትሪማዞል ቅባት ለጥፍር አይሠራም፤ ጥፍሩን ዘልቆ አይገባም። በጣቶች መካከል ላለው ፈንገስ ግን ጥሩ ነው፦ በቀን ሁለቴ፣ ቢያንስ ለአራት ሳምንት፤ ማሳከኩ ቢቆምም ሳያቋርጡ። ቆዳው ሳይድን ጥፍር ብቻ ከታከመ በሽታው ይመለሳል። ነጭ ሽንኩርት ወቅጦ ማሰር ቆዳ ያቃጥላል፤ የስኳር ሕመም ላለበት እግር ደግሞ አደገኛ ነው። የስኳር ሕመምተኛ ጥፍሩን ራሱ ባይቆርጥ ይመረጣል።

በዋናነት የሚሠራው ክኒን ተርቢናፊን ነው፤ ለአዋቂ በቀን አንድ ጊዜ 250 ሚሊ ግራም፣ ለእጅ ጥፍር 6 ሳምንት፣ ለእግር 12 ሳምንት። አስቀድሞ የጉበት የደም ምርመራ ያስፈልጋል፤ የጉበት ሕመም ያለበት አይወስደውም፤ ነፍሰ ጡርና የምታጠባ እናትም ይቆዩ። ሽንት እንደ ሻይ ከጠቆረ፣ ዓይን ቢጫ ከሆነ ወይም የምግብ ፍላጎት ከጠፋ ወዲያውኑ አቁመው ሐኪም ጋ ይሂዱ። አንዳንድ ሰው የምግብ ጣዕም ይጠፋበታል። በሕክምናው ወራት አረቄን መተው ይሻላል።

ሌላው የፈንገስ መድኃኒት ኢትራኮናዞል የልብ ድካም ላለበት አይሰጥም፤ ከብዙ መድኃኒትም ጋር ይጋጫል፤ ካፕሱሉ በደንብ ከተበላ በኋላ ይዋጣል፣ የጨጓራ አሲድ የሚቀንስ እንደ ኦሜፕራዞል ያለ መድኃኒትም ያዳክመዋል። ርካሹ ግሪሲዮፉልቪን ለእግር ጥፍር ዓመት ሊሞላ ይችላል፤ ያም ሆኖ ከተርቢናፊን ያንሳል፤ ያለ ቅባት ምግብም በቅጡ አይመጠጥም። ጾመኛ ከሆኑ ዘይት ካለው ወጥ ጋር ይውሰዱት፤ እስከ 9 ሰዓት ለሚጾም ክኒኑ ከምሳው ጋር ይሁን፤ በባዶ ሆድ የተዋጠው በከንቱ ይወጣል።

ጥፍሩ በጣም ከወፈረ 40 በመቶ ዩሪያ ቅባት ይረዳል። ዙሪያውን ቆዳ በቫዝሊን ይሸፍኑ፤ ዩሪያውን ጥፍሩ ላይ ብቻ ይቀቡ፤ በላስቲክ ሸፍነው በፕላስተር አጣብቀው ይደሩ። ጠዋት የለሰለሰውን ፍቀው ያንሱ። ከሳምንት እስከ ሁለት ሳምንት ይደጋግሙት።

ጫማ ሁለት ጥንድ ይኑርዎት፤ አንዱን ሲጫሙ ሌላው ፀሐይ ላይ ይዋል። ካልሲ በየቀኑ ይቀየር፣ በፈላ ውሃ ይታጠብ። የጥፍር መቁረጫ በቤተሰብ አይዋዋሱ፤ ከተጠቀሙ በኋላ በ70 በመቶ አልኮል ይጥረጉት።

አሥራ ሁለቱ ሳምንት ሲያልቅ የእግር ጥፍሩ አሁንም አስቀያሚ ነው። "አልሠራም" ተብሎ ሌላ ክኒን የሚገዛውም፣ ያለ ትእዛዝ የሚራዘመውም እዚህ ላይ ነው። ገና ሲጀምሩ የበለዘው ከጤነኛው በሚለይበት ድንበር ላይ በሞረድ ጭረት አድርገው ነበር እንበል። በሦስተኛው ወር ጭረቱ ከ3 እስከ 4 ሚሊ ሜትር ወደ ጫፍ ከሄደና ከሥሩ ያደገው ንጹሕ ከሆነ መድኃኒቱ ሠርቷል፤ የቀረው ማደግና መቁረጥ ነው። ብልዙ ጭረቱን ተሻግሮ ወደ ሥሩ ከመጣ ግን ናሙናው እንደገና ይታይ።