ሶርስ ፋይል ኤዲተር ላይ ሲመሰቃቀል፣ ሴቭ ከማድረጋችሁ በፊት

ኮድ የጻፋችሁበትን ፋይል (ሶርስ ፋይሉን) ኮድ መጻፊያችሁ (ኤዲተሩ) ላይ ከፈታችሁት። ትናንት ሌላ ኮምፒውተር ላይ በደንብ ይነበብ የነበረው ኮሜንት (ኮዱ መሃል ለሰው የሚጻፍ ማብራሪያ) ዛሬ የማይገባ ምልክት ሆኗል። ወይም ኮዱ ያው ነው፣ አንድ ፊደል አልተነካም፣ ግን አልሠራም ይላል። እንዲህ ሲያጋጥማችሁ እጃችሁ ወደ ሴቭ እንዳይሄድ። መጀመሪያ የፋይሉን ኮፒ ሌላ ቦታ አስቀምጡ። ይህን አጥብቄ የምለው ስለተጎዳሁበት ነው፤ አንዴ አንዲት መስመር ብቻ አርሜ፣ ኤዲተሩ በየትኛው ኢንኮዲንግ እንደሚጽፍ ሳላይ ሴቭ አደረግሁ፣ በነጋታው ስከፍተው በአማርኛ የጻፍኳቸው ማብራሪያዎች በሙሉ የጥያቄ ምልክት ሆነው ጠበቁኝ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ፋይል ውስጥ ያለው ፊደል ሳይሆን ቁጥር ነው። የትኛው ቁጥር የትኛው ፊደል እንደሆነ የሚወስነው ኢንኮዲንጉ ነው፤ ተራ የጽሑፍ ፋይል ደግሞ በየትኛው ኢንኮዲንግ እንደተጻፈ አብዛኛውን ጊዜ በውስጡ አይናገርም። ስለዚህ ኤዲተሩ ይገምታል። ዩቲኤፍ-8 በሚባለው ኢንኮዲንግ የእንግሊዝኛ ፊደላት አንድ አንድ ባይት (ከ0 እስከ 255 ያለ አንድ ቁጥር) ሲይዙ የግዕዝ ፊደላት ግን ሦስት ሦስት ይይዛሉ። «ሀ» ለምሳሌ 225፣ 136 እና 128 ናት። ዊንዶውስ-1252 የሚባለው የቆየ ኢንኮዲንግ እያንዳንዱን ባይት እንደ አንድ ፊደል ስለሚቆጥር፣ ኤዲተሩ በዚያ ካነበበው በአንዷ «ሀ» ፋንታ ሦስት የማይገናኙ ምልክቶች ታያላችሁ። ኮዱ ደህና ሆኖ የተበላሸው አማርኛው ብቻ የሚሆነውም ለዚህ ነው፤ የእንግሊዝኛ ፊደላት ቁጥር በሁለቱም አንድ ዓይነት ነው።

የምታዩት ምልክት ራሱ ብዙ ይነግራችኋል። ፊደሎቹ ባዶ ሳጥን ከሆኑ ፋይሉ ምንም አልሆነም፤ ኤዲተሩ የግዕዝ ፎንት አጥቶ ነው፣ ፎንቱን ቀይሩ። ነጥብና ሰረዝ የለበሱ የላቲን ፊደላት ከተደረደሩ ኤዲተሩ በተሳሳተ ኢንኮዲንግ እያነበበ ነው፣ ዳታው ግን አለ። በጥቁር አልማዝ ውስጥ የጥያቄ ምልክት ካያችሁ ኤዲተሩ ሊተረጉመው ያልቻለ ባይት አጋጥሞታል ማለት ነው፤ ይሄ ነው አደገኛው። ሴቭ እስካላደረጋችሁ ድረስ የመጀመሪያዎቹ ባይቶች ዲስክ ላይ አሉ። ሴቭ ካላችሁ ግን በእነሱ ቦታ የአልማዙ ኮድ ይጻፋል፣ የቀድሞውም ተመልሶ አይገኝም። ተራ የጥያቄ ምልክት ብቻ ተደርድሮ ካገኛችሁ ደግሞ፣ እንደ እኔው፣ ግዕዝ በማያውቅ ኢንኮዲንግ አስቀድሞ ሴቭ ተደርጓል። እዚያ ላይ ጊዜ አታጥፉ፤ ከጊት (የኮዱን ለውጦች መዝግቦ ከሚይዘው ፕሮግራም) ታሪክ ወይም ከባክአፕ አውጡ።

ማስተካከያው ቪኤስ ኮድ በሚባለው ኤዲተር ላይ ከታች በቀኝ በኩል ነው። የኢንኮዲንጉ ስም እዚያ ተጽፏል፤ ስትጫኑት ሁለት ምርጫ ይሰጣችኋል። አንደኛው ፋይሉን በሌላ ኢንኮዲንግ እንደገና መክፈት ነው፣ ሁለተኛው በሌላ ኢንኮዲንግ ሴቭ ማድረግ። ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ጋ ነው። መክፈቱ አነባበቡን ብቻ ይቀይራል፣ ፋይሉን አይነካም፤ ሴቭ ማድረጉ ግን ዲስክ ላይ ያለውን ይቀይራል። ስለዚህ ጽሑፉ በትክክል እስኪነበብ ድረስ እንደገና መክፈቱን እየቀያየራችሁ ሞክሩ። ሲነበብ፣ ያኔ ብቻ፣ ዩቲኤፍ-8 አድርጋችሁ ሴቭ በሉት።

በየሁለቱ የእንግሊዝኛ ፊደል መሃል ባዶ ወይም ዜሮ ባይት የሚታይበት ፋይል ካጋጠማችሁ ዩቲኤፍ-16 የሚባለው ሌላ ኢንኮዲንግ ይሆናል። በዊንዶውስ ፓወርሼል 5.1 (የዊንዶውስ ትእዛዝ መጻፊያ) የትእዛዝ ውጤት ወደ ፋይል ስታዞሩ የሚወጣው እንዲህ ነው። ጊትም ጽሑፍ መሆኑን ስለማያውቅ ልዩነቱን አያሳያችሁም። ያው ዩቲኤፍ-8 አድርጉት።

ሌላው አስቸጋሪ ነገር ቦም ነው። በፋይሉ መጀመሪያ የሚቀመጡ ሦስት የማይታዩ ባይቶች ናቸው፤ 239፣ 187 እና 191። ኤዲተሩ ስለሚደብቃቸው ብታፈጡም አታዩአቸውም። ግን ፒኤችፒ በሚባለው የድረ ገጽ ቋንቋ የተጻፈ ፋይል ላይ ካሉ ገጹ ሄደር (ከገጹ ቀድሞ የሚሄደውን መረጃ) ከመላኩ በፊት ውጤት ወጥቷል ብሎ ያስቸግራል፣ የሼል ስክሪፕት (በሊኑክስ ትእዛዞች የሚደረደሩበት ፋይል) የመጀመሪያ መስመር ላይ ካሉ ሊኑክስ መስመሩን አያውቀውም፣ ጄሰን የሚባለውን የዳታ አጻጻፍ የሚያነብ ብዙ ፕሮግራምም እነሱን ሲያይ እምቢ ይላል። የድሮው ኖትፓድ ዩቲኤፍ-8 ሲጽፍ ይጨምራቸው ነበር፤ በ2019 የዊንዶውስ 10 ማሻሻያ ነው ያለ ቦም መጻፍ የጀመረው። መፍትሄው ያለ ቦም ሴቭ ማድረግ ነው። አንድ ልዩ ሁኔታ አለ፦ ያው ፓወርሼል 5.1 አማርኛ ያለበትን ስክሪፕት በትክክል የሚያነበው ቦም ሲኖረው ነው፣ እዚያ ላይ ተዉለት።

አሁን ወደ መስመር ማብቂያ። ዊንዶውስ መስመር ሲጨርስ 13 እና 10 ይጽፋል፣ ሊኑክስና ማክ 10 ብቻ። ዊንዶውስ ላይ የጻፋችሁትን ስክሪፕት ሊኑክስ ሰርቨር ላይ አድርጋችሁ ስታስነሱት ፋይሉ ፊታችሁ ቁጭ ብሎ «እንዲህ ያለ ፋይል የለም» ሊላችሁ ይችላል፤ የሌለው ስክሪፕቱ አይደለም፣ ሲስተሙ የመጀመሪያው መስመር ላይ ያለውን የፕሮግራም ስም መጨረሻው ላይ ከተለጠፈችው 13 ጋር አብሮ ነው የሚፈልገው፣ በዚያ ስም ደግሞ ምንም ፕሮግራም የለም። ኤዲተሩ ስር ሲአርኤልኤፍ (13 እና 10) የሚለውን ተጭናችሁ ኤልኤፍ (10 ብቻ) አድርጉና ሴቭ በሉት። አንድ መስመር ቀይራችሁ ጊት ሙሉ ፋይሉ ተቀይሯል ካለም ምክንያቱ በአብዛኛው ይሄው ነው። እዚህ ላይ እያንዳንዱ ሰው የራሱን ኮምፒውተር ሴቲንግ እንዲያስተካክል መለመን አልወድም፤ አንዱ ይረሳል። ጊት አትሪቢዩትስ የሚባለውን ፋይል ፕሮጀክቱ ውስጥ አስገቡና ሁሉም ጽሑፍ ኤልኤፍ፣ የዊንዶውስ ባች ፋይሎች (ዊንዶውስ ላይ ትእዛዝ የሚደረደርባቸው) ብቻ ሲአርኤልኤፍ ይሁኑ በሉ።

ታብና ስፔስ አብሮ የመጣ ጣጣ ነው። የፓይተን 3 ቋንቋ ሁለቱ ተደባልቀው ገባ ያለው መስመር የቱ እንደሆነ ካምታታው አላስኬድም ይላል። ሜክፋይል (ፕሮግራሙ እንዴት እንደሚገነባ የሚጻፍበት ፋይል) ደግሞ የግድ ታብ ይፈልጋል፣ ታብን በራሱ ወደ ስፔስ የሚቀይር ኤዲተር ደህናውን ፋይል ያበላሽባችኋል። ባዶ ቦታን የሚያሳየውን ምርጫ አብሩት፤ ታቡ ቀስት፣ ስፔሱ ነጥብ ሆኖ ይታያል።

እኛ አማርኛ የምንጽፍ ሰዎች ልዩ ጥንቃቄ የሚያስፈልገን አንድ ቦታ አለ። ኪቦርዱ አማርኛ ላይ እንዳለ ረስታችሁ ኮድ ከቀጠላችሁ፣ ሁለት ነጥቧ «፡» ከኮሎን ጋር በዓይን አትለይም፣ አራት ነጥቧም ሁለት ኮሎን ትመስላለች። ለኮምፒውተሩ ግን ፍጹም የተለያዩ ናቸው። ፓይተን የማላውቀው ምልክት ብሎ መስመሩን ይጠቁማችኋል፤ እዚያ መስመር ላይ ምልክቷን አጥፍታችሁ በእንግሊዝኛ ኪቦርድ እንደገና ጻፏት። ከድረ ገጽ ኮፒ የተደረገ ኮድም ቁጥሩ 160 የሆነ ልዩ ስፔስ ይዞ ሊመጣ ይችላል፣ ያቺንም እንዲሁ አድርጓት።

ኤዲተሩ የኮዱን ክፍሎች የሚለይበት ቀለም ብቻ ከጠፋ ቀላል ነው፤ ኤዲተሩ ቋንቋውን አላወቀም፣ ከታች ራሳችሁ ምረጡለት።

ሁሉም ከተስተካከለ በኋላ እንዳይመለስ ኤዲተርኮንፊግ የሚባለውን ፋይል ፕሮጀክቱ ሥር ላይ አስቀምጡ። ኢንኮዲንጉን፣ የመስመር ማብቂያውን፣ ታብ ይሁን ስፔስ የሚለውን እዚያ ትጽፋላችሁ፤ ኢንተሊጄ የሚባለው ኤዲተር በራሱ ያነበዋል፣ ቪኤስ ኮድ ግን ኤክስቴንሽን (ተጨማሪ ፕሮግራም) ይፈልጋል። ፋይሎቹን የምትቀይሩበትን ኮሚት (ጊት ላይ አንድ ላይ የምትመዘግቡትን ለውጥ) ደግሞ ለብቻው አድርጉት። ከሌላ ሥራ ጋር ከቀላቀላችሁት ሺህ መስመር ተቀይሮ ይታያል፣ እውነተኛዋ ለውጥ መሃል ላይ ትቀበራለች፣ ኮዱን የሚገመግመው ሰውም አያገኛትም።