ስለ ኦቲዝም ለማወቅ የትኛውን ምንጭ ለየትኛው ጥያቄ?

የልጃቸው ነገር ያሳሰባቸው ወላጆች አብዛኛውን ጊዜ ንባብ የሚጀምሩት ሌሊት፣ ቤቱ ጸጥ ካለ በኋላ፣ በስልካቸው ነው። አንዱ ጽሑፍ አመጋገብ መለወጥን ይመክራል፣ ሌላው ክትባትን ይከስሳል፣ ሌላው ደግሞ ኦቲዝምን በጥቂት ወራት አድናለሁ ብሎ ገንዘብ ይጠይቃል። ከዚህ ትርምስ ለመውጣት፣ ምንም ነገር ከመክፈትዎ በፊት ማወቅ የሚፈልጉትን በአንድ ዓረፍተ ነገር ወረቀት ላይ ያስፍሩ። «ይህ ኦቲዝም ነው ወይ?»፣ «ምን ላድርግ?»፣ «ይህ ሕክምና በእርግጥ ይሠራል ወይ?» እና «ልጄ ዓለምን የሚያያት እንዴት ነው?» የሚሉት የተለያዩ ጥያቄዎች ናቸው፤ አንዱን የሚመልስ ምንጭ ለሌላው ላይጠቅም፣ አንዳንዴም ሊያሳስት ይችላል።

ለመጀመሪያው ጥያቄ መሠረቱ ባለሙያዎች የሚመሩባቸው ሁለት የምርመራ መመሪያዎች ናቸው። አንደኛው የአሜሪካ የሥነ አእምሮ ሐኪሞች ማኅበር በ2013 ያወጣውና በ2022 ያሻሻለው ዲኤስኤም-5 ሲሆን፣ ሁለተኛው ከ2022 መጀመሪያ ጀምሮ ሥራ ላይ የዋለው የዓለም ጤና ድርጅት አይሲዲ-11 ነው (እዚህ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ሁለቱም ኦቲዝምን የሚለዩት ከሰው ጋር በመግባባትና ግንኙነት በመመሥረት ረገድ ከልጅነት ጀምሮ በሚታይ ችግርና በሚደጋገም፣ ለለውጥ በማይመች ባሕርይ ነው፤ ለድምፅ፣ ለብርሃን ወይም ለንክኪ ከወትሮው የበዛ ወይም ያነሰ ስሜትም በዚህ በሁለተኛው የባሕርይ ምድብ ሥር ይመደባል። በደም ምርመራ ወይም በአንጎል ምስል የሚረጋገጥ ነገር የለም፤ ባለሙያው የሚወስነው ልጁን በቅርብ ተመልክቶና የእድገቱን ታሪክ ጠይቆ ነው። ስለዚህ መመሪያውን ራስዎ ለመመርመር ሳይሆን ከሐኪም የተሰጠዎትን ሪፖርት ቃል በቃል ለመረዳት ይጠቀሙበት። ለምሳሌ ሪፖርቱ ላይ «ደረጃ 2» የሚል ቢያዩ፣ በዲኤስኤም-5 ከ1 እስከ 3 ያሉት ደረጃዎች የሚናገሩት ሰውየው ስለሚያስፈልገው ድጋፍ መጠን እንጂ ስለ አእምሮው ብቃት አይደለም።

የታተመበትን ዓመት ማየት ከሁሉም ይቀድማል። አስፐርገር ሲንድረምን እንደ ራሱን የቻለ ምርመራ የሚያቀርብ ጽሑፍ በአብዛኛው ከ2013 በፊት የተዘጋጀ ነው፤ ዲኤስኤም-5 ይህንን ስም በኦቲዝም ስፔክትረም ሥር አጠቃልሎታል። ከዚያም የባሰ አለ፤ በ1950ዎቹና በ1960ዎቹ የተጻፉ ብዙ ጽሑፎች የኦቲዝምን መንስኤ የእናት ፍቅር ማነስ ያደርጉት ነበር። ራሱ ኦቲዝም ያለበት ልጅ አባት የነበረው የሥነ ልቦና ባለሙያ በርናርድ ሪምላንድ በ1964 ይህን አስተሳሰብ በማስረጃ ተከራክሮታል፤ የሐሳቡ ፍርፋሪ ግን ዛሬም አልጠፋም። እናትን የሚወቅስ ገጽ ካጋጠመዎት ሳያመነቱ ይዝጉት።

ልጅዎ ከ16 እስከ 30 ወር ባለው ዕድሜ ላይ ከሆነ የኦቲዝም ምልክቶችን ቀድሞ ለመለየት የሚያገለግለውን ኤም-ቻት የተባለ ባለ 20 ጥያቄ መጠይቅ በነፃ ማግኘት ይቻላል። የመጀመሪያው ጥያቄ ከክፍሉ ማዶ ያለ ነገር በጣትዎ ቢያመለክቱ ልጅዎ ወደዚያ ነገር ያያል ወይ የሚል ነው። ጥያቄው ቀላል ይመስላል፤ ነገር ግን የእጅዎን ጣት ማየትና ጣትዎ ያመለከተውን አሻንጉሊት ማየት የተለያዩ መሆናቸውን ልብ ይበሉ። መልሱም ልጁ ዘወትር በሚያደርገው ላይ መመሥረት አለበት፤ አንድ ሁለት ጊዜ ብቻ ያደረገው ነገር «አይ» ተብሎ ይመለሳል። ውጤቱ ከ3 እስከ 7 ከሆነ በባለሙያ የሚደረግ ተከታይ ቃለ መጠይቅ ያስፈልጋል፣ 8 እና ከዚያ በላይ ከሆነ በቀጥታ ወደ ምርመራ መሄድ ይመከራል። መጠይቁ ወንፊት ነው፤ በወንፊቱ ላይ የቀረ ሁሉ ኦቲዝም አለበት ማለት አይደለም፣ ያለፈውም ሁሉ የለበትም ማለት አይደለም። ውጤቱ ዝቅ ብሎም የእርስዎ ሥጋት ካልለቀቀዎት ሐኪም ያማክሩ።

«ምን ላድርግ?» ለሚለው የሕክምና መመሪያዎች ይሻላሉ። የእንግሊዝ የጤና መመሪያ አውጪ ተቋም የሆነው ናይስ ስለ ሕፃናት ምርመራ በ2011፣ ስለ አዋቂዎች በ2012፣ ስለ ሕፃናት ድጋፍ ደግሞ በ2013 መመሪያዎችን አውጥቷል። እነዚህን ሲከፍቱ በመጀመሪያ «አይደረግ» የሚለውን ክፍል እንዲያነቡ እመክራለሁ፤ ገንዘብን ብቻ ሳይሆን ልጅንም ከጉዳት ያድናልና። ናይስ ሴክሬቲን የተባለውን ሆርሞን፣ ከባድ ብረቶችን ከሰውነት የሚያስወጣውን የኪሌሽን ሕክምናና በግፊት የሚሰጥ ኦክስጅንን በልጆች ላይ በምንም ሁኔታ ለኦቲዝም እንዳይሰጡ ይከለክላል፤ ምግብን ከልጁ ማዕድ ማውጣትንም የኦቲዝም ዋና ምልክቶች መፍትሔ አድርጎ አይቀበለውም። ክሎሪን ዳይኦክሳይድን እንደ መድኃኒት የሚሸጡ ሰዎችም አሉ፤ ይህ ከበረኪና የማይለይ መርዝ መሆኑን የአሜሪካ የምግብና የመድኃኒት አስተዳደር ደጋግሞ አስጠንቅቋል። በእጅ የሚያዝ ተግባራዊ ነገር ለሚፈልጉ የዓለም ጤና ድርጅት የአሳዳጊዎች ክህሎት ሥልጠና ዘጠኝ የቡድን ትምህርቶችና ሦስት የቤት ጉብኝቶች ያሉት ሲሆን፣ ልጅን በዕለት ተዕለት ሥራና በጨዋታ ውስጥ ማሳተፍን ያስተምራል።

ስለ አንድ ሕክምና እውነትነት ሲጠራጠሩ በርካታ ጥናቶችን አንድ ላይ የሚመዝኑትን የኮክሬን ግምገማዎች ያስቀድሙ፣ ከዚያ የሕክምና ጥናቶች ማጠቃለያዎች ወደሚገኙበት ፐብሜድ የተባለ ድረ ገጽ ይሂዱ። የጥናቱን ማጠቃለያ ሲያነቡ ስንት ልጆች እንደተሳተፉ፣ ሕክምናውን ያላገኘ የንጽጽር ቡድን እንደነበረ፣ ለውጡን የለካው ሰው ማን ሕክምናውን እንዳገኘ ያውቅ እንደነበረና ወጪውን ማን እንደሸፈነ ይፈልጉ። የንጽጽር ቡድን የሚያስፈልገው ልጆች ያለ ምንም ሕክምናም ስለሚያድጉ ነው፤ በሁለት ዓመት ተኩሉ የማይናገር ልጅ በሦስት ዓመቱ ጥቂት ቃላት ቢያወጣ ምስጋናው የዚያ ሰሞን ለተሰጠው ጠብታ ይሆናል።

በክትባት ላይ የተነሳው ጥርጣሬ ከየት እንደመጣ ማወቅም ይህንን ያስረዳል። በ1998 ላንሴት በተባለው የሕክምና መጽሔት የወጣውና የኩፍኝን ክትባት ከኦቲዝም ጋር ያያያዘው ጽሑፍ 12 ልጆችን ብቻ የተመለከተ ነበር፤ መጽሔቱ በ2010 ሰርዞታል። በ2019 የታተመው የዴንማርክ ጥናት ግን 657,461 ልጆችን ተከታትሎ ምንም ግንኙነት አላገኘም። ፐብሜድ የተሰረዘን ጽሑፍ በገጹ አናት ላይ በግልጽ ስለሚያስታውቅ፣ ይህ ምልክት አለመኖሩን ሳያረጋግጡ የትኛውንም ጽሑፍ አይጥቀሱ።

የስርጭት ቁጥሮችም ያደናግራሉ። የአሜሪካው የበሽታ መቆጣጠሪያ ማዕከል በ2022 በተከታተላቸው አካባቢዎች ከስምንት ዓመት ልጆች ከ31 አንዱ ኦቲዝም እንዳለበት ሲገምት፣ የዓለም ጤና ድርጅት በ2021 በዓለም ደረጃ ከ127 ሰዎች አንዱ ብሏል። አንዱ የሌላው ውሸት ማሳያ አይደለም፤ የተቆጠሩት ሰዎች፣ ዕድሜያቸውና ቦታው ይለያያል።

አራተኛው ጥያቄ ብዙ ጊዜ ይዘነጋል፤ ለእኔ ግን ሁሉም ሌሎች ንባቦች የሚስተካከሉበት ይህ ነው። ኦቲዝም ያለባቸው ሰዎች ራሳቸው የጻፉትን ያንብቡ። ራሱ ኦቲዝም ያለበት የሥነ ማኅበረሰብ ምሁር ዴሚያን ሚልተን በ2012 ያነሳው ሐሳብ መግባባት የሚፈርሰው በሁለቱም ወገን መሆኑን ያስረዳል፤ ኦቲዝም ያለበት ሰው ሌላውን ለመረዳት እንደሚቸገር ሁሉ ሌላውም እርሱን ለመረዳት ይቸገራል። ይህን ካነበቡ በኋላ «ለምን እንዲህ ያደርጋል?» የሚለው የወላጅ ምሬት «ምን ሊነግረኝ ፈልጎ ነው?» ወደሚል ይለወጣል።

ከእነዚህ ሁሉ ጎን ለጎን የእርስዎ ማስታወሻ ደብተር ይኑር። «ዛሬ በጣም አስቸገረ» ብሎ መጻፍ ለማንም ብዙ አይናገርም። «ማክሰኞ ጠዋት የፀጉር ማድረቂያው ሲነሳ ጆሮውን ይዞ ወደ በሩ ሮጠ፣ ከጠፋ በኋላ በአምስት ደቂቃ ውስጥ ተረጋጋ» ብለው ቀኑን፣ ከዚያ በፊት የሆነውንና በኋላ የተከተለውን ቢጽፉ ግን፣ ባለሙያው ስለ ድምፅ ስሜት የሚናገረውን የመመሪያ ክፍል አውጥቶ ከዚያ ጋር ሊያገናዝበው ይችላል፤ እርስዎም ያንኑ ገጽ ሲያነቡ የልጅዎን ማክሰኞ ጠዋት እዚያ ያገኙታል።