ሰኞ ሰኞ የሚያፈስ የስቲም ፍላንጅ፣ እንዴት እንደተስተካከለ

ባህር ዳር ፋብሪካችን ውስጥ ከቦይለር ወደ ማቅለሚያ ክፍል የሚሄደው 40 ሜትር የስቲም (የእንፋሎት) ቧንቧ ሰኞ ጠዋት ከቅዝቃዜ ሲነሳ ፍላንጁ (ቧንቧዎቹ በብሎን የሚጋጠሙበት ቀለበት) ላይ ያፏጫል። ጋስኬት (መሀሉ የሚገባው ማሸጊያ) ተቀየረ፣ ስፓይራል ዋውንድ የሚባለው ከብረት ጥቅልል የተሰራውም ተሞከረ፣ ብሎኑ በቶርክ ሬንች (የማጥበቂያውን ኃይል በሚለካ ቁልፍ) በመስቀለኛ ጠበቀ፣ ያው ነው። (ደጋግሞ ማጥበቅ ጋስኬቱን ነው የሚጨፈልቀው፣ ተዉት።)

ከዛ ሂሳቡን ሰራነው፦ ካርቦን ስቲል በሜትር ለአንድ ዲግሪ 0.012 ሚሊ ገደማ ይረዝማል፣ ጌጁ (የግፊት መለኪያው) 7 ባር ሲል ስቲሙ 170 ዲግሪ አካባቢ ነው፣ ጠዋት ቧንቧው 20 ዲግሪ ከነበረ 40 ሜትሩ 72 ሚሊ ይረዝማል ማለት ነው። ታዲያ ይሄ 7 ሳንቲም የት ይሂድ? መሀል ላይ ኤክስፓንሽን ሉፕ (እየተለጠጠ ርዝመቱን የሚቀበል የቧንቧ መታጠፊያ) አለ፣ ግን መንሸራተት የነበረባቸው ሹዎች (የቧንቧው እግሮች) ድሮ ከድጋፉ ብረት ጋር ተበይደዋል፣ ሉፑ ስራ ፈቷል፣ የመርዘሙ ግፊት ሁሉ ፍላንጁ ላይ። የቧንቧ ስራ ደንቦቹ ኤኤስኤምኢ ቢ31.1ም ቢ31.3ም የፍሌክሲቢሊቲ ስሌት (ቧንቧው ሲረዝም መተጣጠፍ መቻሉን ማስላት) የሚጠይቁት ለዚህ ነው።

የሰራው፦ ቫልቩን ዘግተን ቆልፈን፣ ግፊቱ ዜሮ መሆኑን አይተን፣ ሲቀዘቅዝ ብየዳውን በግራይንደር ቆረጥን፣ ጋይድ (ወደ ጎን ሳይሄድ በቁመቱ እንዲንሸራተት የሚመራ) አደረግንለት፣ አንከር (ጨርሶ የማያንቀሳቅስ ማሰሪያ) ሁለቱ ጫፍ ላይ ብቻ ቀረ። አዲስ ጋስኬት፣ ድሬን (የውሃ ማስወጫውን) ከፍቶ ቀስ ብሎ ማሞቅ። ሹው ላይ በጠመኔ ምልክት አርገን ነበር፣ ሲሞቅ ሉፑ አጠገብ ያለው 3 ሳንቲም ተኩል ገደማ ሄዷል፣ ፍላንጁም ደረቅ ነው።