ቀይ ልጅ፣ ጥቁር አባይ፣ ነጭ አዝሙድ፦ ስለ ቀለም ስናወራ የምንሳሳታቸው ነገሮች

የእህቴ ልጅ ያደገችው ቨርጂኒያ ነው። አማርኛ ትሰማለች፣ በመጠኑም ትናገራለች። የዘጠኝ ዓመት ልጅ ሳለች አዲስ አበባ ይዘዋት መጡ። ጎረቤታችን እማማ ገና በር ላይ እንዳዩዋት «ውይ! እንዴት ያለች ቀይ ቆንጆ ናት!» አሉ። ልጅቷ አልሳቀችም። ሹልክ ብላ ሄዳ መስታወት ፊት ቆመች። «ምነው?» ብላት፣ «ፊቴ ምን ሆኖ ነው?» አለችኝ። ፀሐይ ያቃጠላት መስሏታል።

ከዚያ ወዲህ ስለ ቀለምና ስለ ቋንቋ የተጻፈ ነገር ሳገኝ ዝም ብዬ አላልፍም። ብዙው ደስ ይላል። ብዙው ደግሞ ስህተት ነው። እዚህ የማነሳው ደጋግሞ የሚያጋጥመኝን ነው። ግማሹን እኔም በሙሉ ልብ ሳወራው ኖሬያለሁ።

የቀለም ስም ቃል በቃል ይተረጎማል ብሎ ማሰብ

«ቀይ» ሬድ ነው፣ «ጥቁር» ብላክ ነው። ትምህርት ቤት የተማርነው እንዲህ ነው። ቢያንስ ለትራፊክ መብራት ይሠራል ልል ነበር፤ እሱም አይሠራም። ጃፓኖች እኛ አረንጓዴ የምንለውን የእለፍ መብራት «አኦ» ይሉታል። «አኦ» ደግሞ ዛሬ ሰማያዊ ማለት ነው። ድሮ ቃሉ ሁለቱንም ይይዝ ነበር። በኋላ ለአረንጓዴው «ሚዶሪ» የሚለው ቃል ተለመደ፤ መብራቱና አንዳንድ አትክልቱ ግን በአሮጌው ስማቸው ቀሩ።

ወደ እኛ እንምጣ። ሰው ላይ ሲሆን «ቀይ» ከደም ጋር አይገናኝም። ፈካ ያለ መልክ ማለት ነው። ከዚያ «የቀይ ዳማ» አለ፣ ከዚያ «ጠይም»፣ ከዚያ «ጥቁር»። እነዚህ ቃላት እርስ በርስ እየተነጻጸሩ ነው የሚሠሩት። አንዷ ከእህቶቿ መሃል ጠይም ተብላ አድጋ፣ ሌላ ሰፈር ስትሄድ ቀይ ልትባል ትችላለች። «ጠይም» ደግሞ ለሰው ብቻ ነው። ጠይም ሱሪ ገዛሁ የሚል ሰው ካለ እየቀለደ ነው። ይሄ ሁሉ ልዩነት ዋሽንግተን ሲደረስ ያበቃል። ቀይዋንም፣ ጠይሟንም፣ ጥቁሯንም የሚጠብቃቸው አንድ ቃል ነው። መልካቸው ያው ነው፤ ቃሉ የሚለየው ነገር ግን ሌላ ሆኗል።

ጓዳ ግቡ ደግሞ። ነጭ አዝሙድ ነጭ አይደለም፤ ወደ ቡናማ ያደላል። ነጭ ያሰኘው አጠገቡ ጥቁር አዝሙድ መኖሩ ነው። ቀይ ጤፍም ለሥዕል አስተማሪ ቡናማ ነው። ሁለቱ ጤፎች ሲቀላቀሉ አዲስ የቀለም ስም አላወጣንም፤ «ሰርገኛ» ብለን አለፍነው። አልጫ ወጥ እርድ ገብቶበት ቢጫ ሆኖ ይቀርባል፤ «ቢጫ ወጥ ጨምሪልኝ» ያለ ግን ሰምቼ አላውቅም። «ቀይ ወጥ» ስንል በርበሬ ገብቶበታል ማለታችን ነው። የምንናገረው ስለ ቀለሙ ይመስላል እንጂ ስለ ድስቱ ነው።

አባይስ? በእንግሊዝኛ ሰማያዊ ናይል ነው። በአማርኛ ጥቁር አባይ ነው። ማን ተሳሳተ? ማንም። በመደበኛው አረብኛ «አዝረቅ» ሰማያዊ ነው። በሱዳን አረብኛ ግን ያው ቃል ለጠቆረ ነገር፣ ለጠቆረ ሰውም ጭምር ይውላል። መዝገበ ቃላት ይዞ ለሚተረጉም ሰው ወንዙ ሰማያዊ ይሆንበታል። ክረምት ላይ ሄዶ ያየው ሰው ደግሞ ሰማያዊም ጥቁርም አይለው፤ ድፍርስ ነው።

ስም ከሌለው አይታይም ማለት

ከሁሉም በላይ የሚዞረው ወሬ ይሄኛው ነው። «የጥንት ሰዎች ሰማያዊ ቀለም ማየት አይችሉም ነበር» ይላል። ቪዲዮ አለው፣ አስገራሚ ሙዚቃም አለው።

የነገሩ መነሻ በኋላ የእንግሊዝ ጠቅላይ ሚኒስትር የሆነው ዊልያም ግላድስተን ነው። በ1858 (ዓመቶቹ ሁሉ የፈረንጅ ናቸው) ስለ ጥንታዊው የግሪክ ባለቅኔ ስለ ሆሜር ግጥሞች አንድ ትልቅ ጥናት አሳተመ። ሆሜር ሰማዩን ሰማያዊ ሲል አላገኘውም። ባሕሩን ወይን የሚመስል ይለዋል። በሬዎቹንም በዚያው ቃል ይጠራቸዋል። ማሩ ደግሞ አረንጓዴ ነው። ግላድስተን ግራ ገባው። የዚያን ዘመን ግሪኮች የቀለም ስሜታቸው ገና አልዳበረም ብሎ ደመደመ።

እኔ ግን በአማርኛ ጆሮ ስሰማው ነገሩ ያን ያህል አይገርመኝም። «ወይን ጠጅ ሹራብ ለብሷል» ስንል ሹራቡን ሊጠጣው ነው ብሎ የሚሰጋ የለም። ለማሩ የዋለው የግሪክ ቃል «ክሎሮስ» ደግሞ አረንጓዴነትን ብቻ አይደለም የሚይዘው፤ እርጥበትን፣ ትኩስነትን ይጨምራል። ይሄን እኛ አናውቀውም? ለምለም ሣር እንላለን፣ ለምለም እንጀራም እንላለን። ከሦስት ሺህ ዓመት በኋላ አንድ የውጭ አገር ጠቅላይ ሚኒስትር ጽሑፋችንን አንብቦ «እነዚህ ሰዎች እንጀራቸው አረንጓዴ ነበር፤ ዓይናቸውን ያማቸው ነበር» ብሎ እንዳይጽፍብን ነው።

ሌላም አለ። ግብፆች ከሆሜር ከሺህ ዓመት በላይ ቀድመው አሸዋ፣ ኖራ ድንጋይና መዳብ በእሳት አቅልጠው ሰማያዊ ቀለም ይሠሩ ነበር። የማይታይ ቀለም ለመሥራት ይሄን ሁሉ ማገዶ የሚያቃጥል የለም።

በቪዲዮዎቹ ውስጥ ሁለተኛው ማስረጃ የናሚቢያ ሂምባዎች ናቸው። «ቡሩ» የሚል አንድ ቃላቸው አረንጓዴንም ሰማያዊንም ይሸፍናል። በ2011 በእንግሊዝ ቴሌቪዥን በታየ ዘጋቢ ፊልም ላይ፣ በአረንጓዴ ካሬዎች መሃል የተቀመጠችውን አንዲት ሰማያዊ ካሬ ለመለየት ሲቸገሩ ይታያል። ሰው ሁሉ አፉን ያዘ። በኋላ እንደታወቀው ያ ትዕይንት ለቴሌቪዥን የተቀናበረ ነው፤ እንዲያ ያለ ውጤት በጥናት ታትሞ አልወጣም። ስለ ሂምባዎች የተሠራው እውነተኛ ጥናት ከዚህ ለዘብ ያለ ነው። የቃላቸው ወሰን ቀለሞችን በሚያስታውሱበትና በሚመድቡበት መንገድ ላይ ይታያል ነው የሚለው። አያዩም አይልም።

እራሳችሁን ፈትኑ። የሎሚ ቅጠልና የባሕር ዛፍ ቅጠል ሁለቱም «አረንጓዴ» ናቸው። ለየብቻ የቀለም ስም የላቸውም። ጎን ለጎን ሲቀመጡ ግን ማንም አያምታታቸውም።

እንግዲያው ቋንቋ ምንም አይሠራም ብሎ መገልበጥ

ከላይ ያለውን ያነበበ ሰው ወዲያው እዚህኛው ውስጥ ይወድቃል። እኔ ወድቄበታለሁ።

ሩሲያኛ ለሰማያዊ አንድ የጋራ ቃል የለውም። ደማቁ «ሲኒይ» ነው (የቡና ሲኒ ትዝ እንዳይላችሁ)፣ ፈዛዛው «ጎሉቦይ»። ለሩሲያዊ ልዩነታቸው ለእኛ የቀይና የሮዝ ያህል ነው። በ2007 የታተመ አንድ ሙከራ ሩሲያኛና እንግሊዝኛ ተናጋሪዎችን አወዳደረ። ሦስት ሰማያዊ ካሬዎች ይቀርባሉ፤ ከታች ካሉት ሁለቱ ከላይኛው ጋር አንድ የሆነውን በፍጥነት መምረጥ ነው። አንዱ ካሬ ሲኒይ፣ ሌላው ጎሉቦይ ሲሆን ሩሲያኛ ተናጋሪዎቹ ፈጠኑ። ሁለቱም ከአንድ ወገን ሲሆኑ ግን ያ ፍጥነት ጠፋ። እንግሊዝኛ ተናጋሪዎቹ ላይ ይሄ ልዩነት አልታየም።

የሚጥመኝ ቀጥሎ ያለው ነው። ካሬዎቹን እያዩ በልባቸው ቁጥር እንዲደጋግሙ ሲደረግ የሩሲያኛ ተናጋሪዎቹ ብልጫ ጠፋ። አፍ በሌላ ሥራ ሲያዝ ቃሉ ዓይንን መርዳት አቆመ ማለት ነው። ልዩነቱ የሰከንድ ክፍልፋይ ነው፤ ትንሽ ነው ግን አለ። ዕብራይስጥም «ካሆል» እና «ትኼሌት» ብሎ ሰማያዊን ለሁለት ይከፍላል። እስራኤል ያደጉ የቤተ እስራኤል ልጆች በአማርኛ አንድ የሆነውን በዕብራይስጥ ሁለት አድርገው ይይዙታል።

የማርያም መቀነት ሰባት ቀለም አለው ማለት

ቆጥራችሁታል? ብርሃኑ ከቀይ እስከ ሐምራዊ ሳይቋረጥ የሚሄድ ነገር ነው። ኒውተንም መጀመሪያ የቆጠረው 5 ነበር። ኋላ ብርቱካናማንና ኢንዲጎን (በሰማያዊና በሐምራዊ መሃል ያለውን) ጨምሮ 7 አደረጋቸው፤ ከሙዚቃ ድምፆች ቁጥር ጋር እንዲገጥምለት። እኛ ዘንድ ደግሞ የማርያም መቀነት አረንጓዴ፣ ቢጫ፣ ቀይ ነው፤ ከባንዲራችን ጋር ተያይዞ። ልጅ ሦስት ቀለም ብቻ ቀብቶ ከመጣ አትቆጡት።

የዓይንን ልዩነት በባህል ማሳበብ

በ2015 መላው ዓለም የተጣላባትን ቀሚስ ታስታውሳላችሁ። ግማሹ ሰማያዊና ጥቁር ናት አለ፣ ግማሹ ነጭና ወርቃማ። አንድ ቋንቋ የሚናገሩ ባልና ሚስት አንድ ሶፋ ላይ ተቀምጠው ተጨቃጨቁ። ይሄ የቃል ጉዳይ አይደለም። አእምሮ ፎቶው ላይ ቀሚሷን ያበራውን ብርሃን የሚገምትበት ጉዳይ ነው። ቀይና አረንጓዴ መለየት የሚያስቸግራቸውም አሉ፤ በአውሮፓ ዝርያ ወንዶች ዘንድ ከ12 አንዱ ገደማ። ልጃችሁ የእርሳሱን ቀለም ደጋግሞ ከተሳሳተ «አማርኛ አያውቅም» ከማለት በፊት ዓይን ሐኪም ማሳየቱ ይሻላል።

አማርኛ የቀለም ቃል ደሃ ነው ማለት

በርሊንና ኬይ የተባሉ ተመራማሪዎች በ1969 ቋንቋዎች የቀለም ስም የሚጨምሩበት ተራ አለ አሉ። ጥቁርና ነጭ ይቀድማሉ፣ ቀይ ይከተላል፣ ከዚያ አረንጓዴና ቢጫ፣ ሰማያዊ ቆየት ብሎ ይመጣል። አንዳንዱ ይሄን እንደ ስልጣኔ መሰላል አንብቦ «እኛ ቡናማን ከቡና፣ ሰማያዊን ከሰማይ የተበደርን ነን» እያለ ያፍራል። ምኑ ያሳፍራል? እንግሊዞችም ብርቱካናማን የጠሩት በፍሬው ነው። ኦሮምኛም ቢጫን «ኬሎ» ይላል፤ ኬሎ ያችው የመስከረሟ አበባ ናት። በርግጥ ሰማያዊ አንዳንዴ ያስቸግራል። ልጅ ሆኜ «ሰማያዊ መንግሥት» ሲሰበክ ግድግዳው ሁሉ ሰማያዊ የተቀባ ከተማ ነበር የሚታየኝ።

ደሃ የሚመስለን የምንቆጥረው የእርሳስ ሣጥን ውስጥ ያለውን ብቻ ስለሆነ ነው። ፈረስ የሚያውቁ ሰዎች ዘንድ ሂዱ። ዳማ አለ፣ ቡላ አለ፣ አምባላይ አለ። በሬ ላይ ዳለቻ፣ ቡሬ፣ ቦራ አለ። ቡሬ አንድ ቀለም እንኳ አይደለም፤ ዝንጉርጉር ነው። ቦራ ግንባሩ ላይ ነጭ ያለበት ነው። ቀለምና አቀማመጡን በአንድ ቃል ይጨርሱታል። ከተማ ገባንና በሬው ሲቀር ቃሉም አብሮ ቀረ።

ኦሞ ሸለቆ ያሉት ሙርሲዎች ዘንድ ይሄ ነገር ከፍ ይላል። የቀለም ስሞቻቸው የከብት መልክ ስሞች ናቸው። ዴቪድ ተርተን የተባለ አንትሮፖሎጂስት የቀለም ካርዶች ይዞ ጠይቋቸው ነበር። ብዙውን ጠሩለት። ለአንዳንዱ ካርድ ግን የተሰጠው መልስ «እንዲህ ያለ ከብት የለም» የሚል ነበር። ካርዱንማ አይተውታል። ያጡት ከብቱን ነው።